ዘጠኝ ልብስ የለበሰው ዛፍ

በዚያ የጥቅምት ጠዋት እንደወትሮዬ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ተነሣሁ። ምድጃውን ለኮስኩ፣ ዳቦዬን በቡናማው አይብ በላሁ፣ የትናንቱን የዓሣ አንጀት ለወፎቹ ልደፋ ባልዲ ይዤ ወጣሁ። ነፋሱ ከሰሜን ምሥራቅ ነበር፤ አመላላሽ መርከቡ እንደማይመጣ ከድምፁ ታወቀኝ። ከዚያ ዛፉን አየሁት። ሁለት ልብስ ለብሷል። ማታ የለበሰው አንድ ብቻ ነበር።

ከኖርዌይ ሰሜን ጫፍ ባለችው ደሴታችን ሌላ ዛፍ የለም። ይህንን ባሌ ቶርጌር ከአሥራ ዘጠኝ ዓመት በፊት ከደቡብ በዓሣ ሣጥን አምጥቶ ከወጥ ቤታችን መስኮት ፊት ተከለው። በየዓመቱ ጥቅምት ላይ በአሮጌ ሸራ ላላ አድርጎ ይጠቀልለዋል፣ ግንቦት ሲገባ ይፈታዋል። በዚያ ዓመት ግን በነሐሴ ጠቀለለው።

"ገና እኮ ነው፤ ቅጠሉ እንኳ አልረገፈ" አልኩት።

"እኔ እስከ ጥቅምት የምቆይ ይመስልሻል?" አለና ቋጠሮውን አጠበቀ።

የሒሳብ መምህርት ነኝ፤ ሲሳሳት አርመው ነበር። ያን ቀን አልተሳሳተም፤ መስከረም ላይ ቀበርነው።

ዛፉ እንዲከርምልኝ ፈለግሁ። ሌላ የፈለግሁት ነገር አልነበረም። ሰዉም ይህን ያውቅ ነበር፤ ችግሩ የመጣውም ከዚያ ነው።

እዚህ ደግ የሠራን ሰው "አንተ ነህ ወይ?" ብሎ መጠየቅ ሌባ ብሎ ከመስደብ አይሻልም። ስለዚህ ማንንም አልጠየቅሁም። በሳምንቱ የዓሣ መረብ ተጨመረ። ከዚያ የበግ ቆዳ፣ ቆይቶም የዝናብ ካፖርት ከነቁልፉ። የገና በዓል ሲደርስ ዛፉ በውፍረት ያልማር የሚባለውን ጎረቤቴን አክሎ ነበር።

አንድ ቀን ሱቅ ውስጥ የባሌ የጀልባ ባልደረባ ኤድቪን ከኋላዬ ተሰልፎ፣

"ዛፍሽ ወፍሯል" አለኝ።

"አይቻለሁ።"

"ማን ነው የሚያለብሰው?"

"እንጃ።"

"እኔም እንጃ" አለ። ሁለተኛው ሸራ ላይ የኤድቪን ጀልባ ስም በቀይ ቀለም በትልልቁ ተጽፏል።

ግንቦት ገባ። እኛ ዘንድ አንዱ ያሰረውን ቋጠሮ ሌላው አይፈታም። በዚህ የተነሣ ወደባችን ላይ የሰጠመ ጀልባ አለ፤ ልማዱ ግን አልተለወጠም። እኔ እነሱን ጠበቅሁ። እነሱ ደግሞ መጨረሻ ላይ ያሰረውን ጠበቁ፣ እሱም ማንነቱን አልተናገረም። ሰኔ ተጋመሰ።

በመጨረሻ ሱቁ በር ላይ ወረቀት ለጠፍኩ፦ "ያሰራችሁ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ መጥታችሁ ፍቱ። ስም አይጠየቅም።"

ስምንት ሰው መጣ። ሁሉም በዚያ በኩል ሲያልፉ መሆኑን ነገሩኝ።

"ካፖርቱ የኔ ነው እንዳትዪ" አለች ኦድላውግ፣ ቁልፎቹን እየፈታች። "ቁልፉ አስቸጋሪ ስለሆነ ላግዝ ብዬ ነው።"

"ፍጠኚ አንቺ ሴትዮ፣ ነፋስ በላን!" አለ ያልማር። "መረቤ ከሥር ነው። ማለቴ፣ የሰውዬው መረብ።"

አንዱ ሲፈታ ሌላው ሲከተል አንድ ሸራ ቀረ። ሁሉም እጃቸውን ኪሳቸው ከተቱ።

"ያ የቶርጌር ነው" አለ ኤድቪን።

"አውቃለሁ።"

"እኛ አንፈታውም።"

"አውቃለሁ፣ ኤድቪን።"

ጓንቴን አወለቅሁ። ቋጠሮው ጊዜ ወሰደብኝ። ማንም አላስቸኮለኝም፣ ማንም ቢላ አላቀበለኝም።

ቅርንጫፎቹ ሻግተው ጠቁረዋል። በጨለማው ውስጥ ጥቂት ነጭ ቡቃያ አውጥቶ ነበር፤ ስነካው እንደተቀቀለ ዓሣ ተፈረካከሰ።

"እንዲህ ነው የሚሆነው?" አለ ያልማር ቀስ ብሎ። ዕድሜውን ሙሉ ከዛፍ ጋር ኖሮ አያውቅም።

"አይደለም።"

"ደክሞት ይሆናል" አለች ኦድላውግ። "ይነቃል።"

"ይሆናል" አልኳት። ሰማንያ ሁለት ዓመቷ ነው።

በሐምሌ ኤድቪን መጋዝ ይዞ መጥቶ ቆረጠው። ሲጨርስ መጋዙን በሱሪው እየጠረገ፣

"አንድ ልብስ ይበቃው ነበር እንዴ?" አለኝ።

"እንጃ" አልኩት።

ሸራውን አጥቤ አጣጥፌ አስቀምጬዋለሁ። አሁን ከወጥ ቤቴ መስኮት ባሕሩ ያለ ከልካይ ይታያል። ዛፉ የለም።