የተኛበት ሁሉ የሚታመምበት አልጋ

እኔ ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ የሰው ልብ ሳነሣ ኖሬ ጡረታ የወጣሁ ሴት ነኝ። ሐኪም አይደለሁም፤ የልብ ምርመራ ክፍል ነርስ ነበርኩ። ሰውየውን አስተኛዋለሁ፣ እጅና እግሩ ላይ አራት መቆንጠጫ፣ ደረቱ ላይ ስድስት መምጠጫ አደርግለታለሁ፣ ማሽኑ የልቡን ምት ወረቀት ላይ እየሳለ ያወጣዋል። ሥራው ይኸው ነው። ቀላል ይመስላል አይደል? ቀላል የመሰላቸው ናቸው እንግዲህ ጉድ የሠሩን።

ባለፈው ሐሙስ ከምሳ በኋላ ጋደም ብዬ ሳለሁ የእህቴ ልጅ በሩን በርግዳ ገባች። ይህቺ ልጅ ነፍስ ካወቀች ጀምሮ ባቡር ነጂ እሆናለሁ ስትል የኖረች፣ ሰው ሲስቅባት ስምንት ወር ሠልጥና ከአርባ ተፈታኝ ሁለተኛ የወጣች ናት። የቀራት የጤና ምርመራ ብቻ ነበር። የጤና ወረቀቷን በዚያው ቀን እስከ አሥራ አንድ ሰዓት ለባቡር መሥሪያ ቤቱ ካላስገባች ቦታው ለተጠባባቂ ይሰጥባታል።

"አክስቴ፣ ልብሽ ታሟል አሉኝ" አለችና ወለሉ ላይ ዘፍ ብላ ተቀመጠች።

"ማን ነው ያለሽ?"

"ማሽኑ።"

ወረቀቱን ከእጇ ነጠቅኳት። ከላይ ማሽኑ ራሱ "የቆየ የልብ ጡንቻ ጉዳት ይታያል" ብሎ ጽፏል። ከሥሩ ሐኪሙ "ለነጂነት ብቁ አይደለችም" ብሎ ፈርሞበታል። የሃያ አራት ዓመት ልጅ! እኔን አዝላ አራት ፎቅ የምትወጣ ልጅ! ደሜ ፈላ። መነጽሬን አድርጌ መስመሮቹን አንድ በአንድ አየኋቸው። ወደ ላይ መውጣት የሚገባው የመጀመሪያው መስመር ቁልቁል ተደፍቷል። ሁልጊዜ ቁልቁል የሚሄደው ደግሞ ቀጥ ብሎ ቆሟል። የደረቷ ስድስት መስመሮች ግን አንዳች እንከን የለባቸውም። ሳቄ መጣ።

"ልብሽ ደህና ነው። የቀኝና የግራ እጅሽን ገመድ አምታተውብሽ ነው። ተነሺ!"

"እርግጠኛ ነሽ?"

"ይሄን ካላወቅሁማ ሠላሳ አንድ ዓመት ስቀልድ ነበር ማለት ነው።"

ክሊኒኩ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ ሊፍቱ አይሠራም። እኔ ደረጃውን እየተራገምኩ፣ እሷ እጄን ይዛ እየጎተተችኝ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ደረስን። የምርመራ ክፍሉ ጠባብ ነው፤ ላስቲክ የለበሰ አልጋ፣ መጋረጃ፣ የእጅ መታጠቢያና ባለጎማ ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠ የሚያብረቀርቅ ማሽን አለው። ሐኪሙ ጢሙን ሙልጭ አድርጎ የተላጨ ወጣት ነው።

"እማማ፣ ይቀመጡ። ምን ልርዳዎት?"

"እማማነቱ ይቆየኝ። ይሄን ወረቀት ያነበብከው አንተ ነህ?"

"ማሽኑ ነው ያነበበው" አለኝ፣ እፍረት እንኳ ሳይሰማው። "አዲስ ነው፤ ራሱ አንብቦ ራሱ ይተረጉማል። እኔ እፈርማለሁ።"

"እንግዲያው ፊርማውንም ለሱ ተውለታ!"

የእህቴ ልጅ ጎኔን በክርኗ ወጋችኝ። ትንፋሼን ሰብሰብ አድርጌ የተደፋውን መስመር አሳየሁትና ገመድ ተምታቶ እንደሆነ ነገርኩት። እውነቱን ለመናገር አልተከራከረኝም፤ ነርሷን ጠርቶ "ሲስተር፣ እስኪ ድገሚላት" አላት።

ነርሷ እጇ ፈጣን፣ ሥራዋ ንጹሕ ነበር። አልጋው ላይ ከተኛችው ልጅ ራስጌ ቆሜ በዓይኔ ተከታተልኳት። ቀዩ መቆንጠጫ ቀኝ እጅ፣ ቢጫው ግራ እጅ፣ አረንጓዴው ግራ እግር፣ ጥቁሩ ቀኝ እግር። አንድም ስሕተት የለም። ማሽኑ ዝዝዝ አለና ወረቀቱን ተፋው።

የቆየ የልብ ጡንቻ ጉዳት ይታያል።

ክው አልኩ። ሐኪሙ ትከሻዬን ነካ አድርጎ "አይዞዎት፣ የራስ ሰው ሲሆን መቀበል ይከብዳል" አለኝ። በስድብ ቢመልስልኝ ይሻለኝ ነበር። ልጅቷ ጣሪያውን እያየች እንባዋ በጆሮዋ በኩል ይወርዳል።

"አክስቴ፣ በቃ፣ እንሂድ" አለችኝ።

ወንበሩ ላይ ተቀመጥኩ። ስለምወዳት ነው እንዴ ያልሆነ ነገር ያነበብኩት? እውነት ልቧ ታሞ እኔ ተስፋ ሰጥቼ ሁለት ጊዜ ገደልኳት ማለት ነው? ሰዓቱ ዘጠኝ ከአርባ ይላል። ተቀምጬ ሳስብ ሳስብ፣ እዚህ ክፍል ውስጥ በደንብ የማውቀው ልብ አንድ ብቻ መሆኑ ትዝ አለኝ። የራሴ! ባለፈው ወር ተመርምሬ ጤነኛ ነው ተብያለሁ።

"ውረጂ ከአልጋው" አልኳት። "እኔን አስተኙኝ።"

"እማማ፣ እርስዎ ደግሞ ለምን?" አለ ሐኪሙ።

"ስላሰኘኝ!"

ተኛሁ። ነርሷ ቀዩን በቀኝ፣ ቢጫውን በግራ አደረገችልኝ። ዝዝዝ። የቆየ የልብ ጡንቻ ጉዳት ይታያል። የመጀመሪያው መስመር እንደ ልጅቷ አንገቱን ደፍቷል። እኔማ ከአልጋው የተነሣሁት በደስታ ነው፤ በልብ ሕመሙ እንደኔ የተደሰተ ሰው ያለ አይመስለኝም።

"አሁን ያንተ ተራ ነው፣ ዶክተር። ሸሚዝህን አውልቅ።"

"እኔ ጤነኛ ነኝ!"

"እሷም ጤነኛ ነኝ ብላህ ነበር።"

ነርሷ ሳቋን ለመደበቅ ፊቷን ወደ መታጠቢያው አዞረች። ሐኪሙ እያንገራገረ ሸሚዙን አውልቆ ተኛ። ዝዝዝ። ወረቀቱን ሲያየው ፊቱ ዓመድ መሰለ።

"እኔ እኮ በየጠዋቱ እሮጣለሁ! ደረቴን አሞኝ አያውቅም!"

"እሷንስ አሟት ያውቃል? ጠይቀሃታል?"

በሱ ፈንታ ነርሷ ናት ቀስ ብላ የተናገረችው። "ዶክተር፣ ከሰኞ ወዲህ ከእሷ በፊት የመጡት ስድስቱም የባቡር ሠራተኞች እኮ ይኸው ነው የወጣላቸው።"

"ስድስቱም?" አልኩ። "አልገረማችሁም?"

"ገርሞኝ ነበር" አለ ሐኪሙ ድምፁ ሰልሎ። "የኑሮ ጫና መስሎኝ ነው።"

ኧረ በሕግ አምላክ! የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ ማለት ይሄ ነው። ስድስት ሰው ሙሉ! ሄጄ ገመዶቹን አነሣኋቸው። ገመዱ ሁሉ ግራጫ ነው፤ ቀለም ያለው መቆንጠጫው ላይ ብቻ ነው። ቢጫውን መቆንጠጫ ከገመዱ ጫፍ ነቀልኩት። ከሥሩ፣ ገመዱ ላይ፣ ጥፍር የማታክል የቀኝ እጅ ምልክት ተቀርጻለች። ቀዩን ነቀልኩት፤ የግራ እጅ ምልክት አለው።

ነርሷ አፏን በእጇ ያዘች። "ዓርብ ዓርብ ሁሉንም ነቅዬ በሳሙና አጥባቸዋለሁ። ስመልሳቸው ነው... እኔው ነኝ። አፈር ልብላ!"

ሐኪሙ ጣቱን ሊቀስርባት አፉን ሲከፍት ቀደምኩት። "ተው! እሷ ያጠበችው መቆንጠጫ ነው፤ ሰው ላይ የፈረምከው አንተ ነህ። ንጽሕናዋንም ሌላው ቢማረው ደግ ነበር። አሁን ልጄን አስተኙልኝ!"

መቆንጠጫዎቹን በገዛ እጄ በየቦታቸው መለስኳቸው። ልጅቷ ተኛች፤ ዓይኗን ጨፍናለች። ዝዝዝ። የመጀመሪያው መስመር ቀጥ ብሎ ወደ ላይ ወጣ፤ ሁለተኛውም፣ ሦስተኛውም። ከላይ "ጤናማ" ይላል።

"እሰይ! እሰይ የኔ አንበሳ!" ብዬ ስጮህ ኮሪደር ላይ ወረፋ የያዙት ሰዎች ሰው የሞተ መስሏቸው በሩን ከፈቱት። ሐኪሙ በአዲሱ ወረቀት ላይ ማሽኑ ከጻፈው ይልቅ መስመሮቹን አንድ በአንድ አይቶ ፈረመ። አሥር ሰዓት ተኩል ሆኗል። መሥሪያ ቤቱ በእግር አርባ አምስት ደቂቃ ያስኬዳል። የእህቴ ልጅ ጫማዋን ሳታስር ወረቀቱን ይዛ እግሬ አውጪኝ አለች።

እኔ መሮጥ አልችልም፤ ቀረሁ። ሐኪሙ ያለ ማንም ቀስቃሽ መዝገቡን አውጥቶ ለስድስቱ ሰዎች መደወል ጀመረ። "ልብዎ ደህና ነው፤ ጥፋቱ የኛ ነው፤ ይቅርታ ያድርጉልን" ይላል፣ ላብ በላብ ሆኖ። ሦስተኛው ሰው አሥራ ዘጠኝ ዓመት ባቡር የነዳና ሰኞ ዕለት ከሥራው የታገደ ነው። "አትቀልድብኝ" ብሎ ዘጋበት። ስልኩን ተቀብዬ ደግሜ ደወልኩለት።

"አባቴ፣ እኔ ሠላሳ አንድ ዓመት ልብ ያነሣሁ ሴት ነኝ። የተበላሸው ገመዱ ነው፤ ልብህ አይደለም።"

"ለልጆቼ እኮ ነግሬያቸዋለሁ" አለኝ፣ ሲያለቅስ እየሰማሁት።

"እንግዲያው አሁኑኑ ናና እንደገና ተመርምረህ በእጅህ ይዘህላቸው የምትሄደውን ወረቀት ውሰድ።"

አሥራ አንድ ሊሞላ አምስት ደቂቃ ሲቀር ዓይኔ ከግድግዳው ሰዓት አልነቀል አለ። ሦስት ደቂቃ ሲቀርም ልጅቷ አልደወለችም። ልክ አሥራ አንድ ሲል ነርሷ መጥታ እጄን ያዘችኝ። ከአራት ደቂቃ በኋላ ስልኬ ጮኸ። ሁሉም እንዲሰማ ድምፁን ከፍ አደረግኩት። ልጅቷ ታለከልካለች፤ ቃል ማውጣት አቅቷታል።

"ተናገሪ እንጂ! ዘጉብሽ?"

"ሊዘጉ ሲሉ... እግሬን በሩ ላይ ሰነቀርኩት" አለችና ትንፋሿን ሳበች። "ማህተሙ ተመታ፣ አክስቴ! ባቡር ነጂ ነኝ!"

አለቀስኩ፤ አላፍርበትም። ነርሷ አቀፈችኝ፣ ሐኪሙ ስልኩን እንደያዘ ጠረጴዛውን በመዳፉ ደበደበ፣ ኮሪደር ላይ ያሉት የማያውቁን ሰዎች ደግሞ ነገሩ ሳይገባቸው አጨበጨቡ።