ለዳኛዋ የተለሰነው ግድግዳ

አባቴ ለሳኝ ነው። ይህን ቀድሜ የምናገረው ሰው ሊፈርድበት እንዳይቸኩል ነው። እኔ ግን ቸኩያለሁ፣ ንዴቴም እስከ ዛሬ አልበረደልኝም።

የውሃ መሥሪያ ቤቱ ዋናውን ቧንቧ በግቢያችን ሊያሳልፍ መጥቶ ልክ ከመኝታ ቤታችን ሥር ቦይ ቆፈረ። ቧንቧው ተቀበረ፣ ቦዩ ተደፈነ፣ ሠራተኞቹም ዕቃቸውን ጭነው ሄዱ። ብዙም ሳይቆይ ግድግዳው ከጣሪያ እስከ ወለል ተተረተረ። ስንጥቁ እጅ ያስገባ ነበር። ቤቱ ፈርሶ እንደገና ካልተሠራ አንድ ቀን እላያችን ላይ እንደሚወርድ ሁላችንም ገብቶናል፤ ለመሥራት ደግሞ ከካሳው በቀር ተስፋ አልነበረንም።

መሥሪያ ቤቱ ዓይኑን በጨው አጥቦ «ያደረስኩት ጉዳት የለም» ብሎ ተከራከረ። ፎቶ ብናቀርብ፣ የማን ቤት እንደሆነ በምን ይታወቃል ተባልን። ቀጠሮው ከመብዛቱ የተነሳ ከፍርድ ቤቱ ጥበቃዎች ጋር እንደ ዘመድ ስለ ጤና መጠያየቅ ጀምረን ነበር። በመጨረሻ ዳኛዋ ራሳቸው መጥተው ግድግዳውን እንደሚያዩ ተናገሩ። ጠበቃችን ደስታውን መደበቅ አቃተው።

«ያንን ስንጥቅ ያየ ሰው ሌላ ማስረጃ አይጠይቅም» አለኝ።

ዋዜማውን ከሥራ ስገባ አባቴ ደጅ ቁጭ ብሎ የሚለስንበትን ፍራታዞ ያጥባል። እማዬ መስኮት ትወለውላለች። ወደ መኝታ ቤት ዘለቅሁና ክው አልኩ። ስንጥቁ የለም። ግድግዳው ተለስኖ፣ ተስተካክሎ፣ እርጥብ እንደሆነ ቆሟል።

«አባዬ! ምን አደረግህ?»

«ዳኛ አይደሉ እንዴ የሚመጡት? የለሳኝ ቤት እንዲህ ተተርትሮ ቢያዩ ምን ይሉኛል?»

«እሱን ሊያዩ እኮ ነው የሚመጡት!»

«እነግራቸዋለኋ። ትልቅ ሰው ናቸው፣ ይገባቸዋል።»

«እኔ ነኝ ያልኩት» አለች እማዬ። «ፍርስራሽ ውስጥ እንግዳ አላስገባም።»

ደሜ ፈላ። መዶሻ አንስቼ ስመለስ አባቴ ግድግዳው ፊት ተገትሮ ጠበቀኝ። «ኧረ እስኪደርቅ እንኳ ጠብቂ!» አለኝ። ለጠበቃው ደወልኩለት። «አሁን ብትነኩት ደግሞ ሆን ብላችሁ የሰነጠቃችሁት ይመስላል» አለኝ።

በማግስቱ ዳኛዋ ከጸሐፊያቸውና ከመሥሪያ ቤቱ መሐንዲስ ጋር መጡ። መሐንዲሱ ግድግዳውን በመዳፉ አሻሸና ፈገግ አለ።

«ስንጥቁ የቱ ጋ ነው?» አሉ ዳኛዋ።

«ከልስኑ ሥር ነው። ይፍቀዱልኝና ላንሳው» አልኩ መዶሻዬን ይዤ።

«በመዶሻ የተመታ ግድግዳማ ይሰነጠቃል» አለ መሐንዲሱ። ዳኛዋ መዶሻውን እንዳስቀምጥ አዘዙኝና ወደ አባቴ ዞሩ።

«ማን ነው የጠገነው?»

«እኔ ነኝ» አለ አባቴ አፉን ሞልቶ።

«ስንት ቀን ፈጀብዎት?»

«ምን ቀን አለው! ከጠዋት እስከ ማታ።»

«በደንብ ይዟል?»

«ይዞ ነው እንጂ! እኔ የለሰንኩት ግድግዳ ዳግም ሰው አያስጠራም።»

ጸሐፊው ሁሉንም ጻፈ። ጠበቃችን አንገቱን ደፍቶ ጫማውን ያይ ነበር።

ፍርዱ ሲነበብ የአባቴ ቃል አንድም ሳይቀር ተጠቀሰ። ከሳሹ ጉዳቱን በአንድ ቀን ሥራ ማስወገዳቸውን በራሳቸው አንደበት ስላረጋገጡ፣ የሚከፈል ካሳ የለም ተባለ። የፍርድ ቤት አነጋገር ለአባቴ አይገባውም። ኮሪደሩ ላይ እጄን ያዘኝ።

«ምን አሉ?»

«ካሳው ቀረ።»

«እንዴት? ሁሉንም አሳየኋቸው እኮ!»

«ምንም አላሳየሃቸውም!» ብዬ ጮህኩበት። ቀጠሮ የሚጠብቀው ሰው ሁሉ ዞሮ አየን። «ሸፈንከው! ቤቱ ተጠግኗል ብለህ የፈረድክብን አንተ ነህ!»

አባቴ እጄን ለቀቀ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እኔ እኮ ስለ ልስኑ የጠየቁኝ መስሎኝ ነው» አለ። «ልስን ለዓይን ነው፣ ቤት አይሸከምም። ይህን የማያውቅ ሰው አለ እንዴ?»

አንጀቴን በላው፤ ንዴቴ ግን አልወጣልኝም። አግዳሚ ወንበሩ ላይ ቁጭ አለ። ከዚያ እንደ ልጅ ቀና ብሎ አየኝ።

«እናትሽ ታዲያ ዛሬም እዚያ ግድግዳ ሥር ትደር?»