ሰው የሌለበት አውድማ

የኔነህ አልበሙን «አውድማ» ብሎ ሲያወጣ፣ አዲስ አበባ ያሉ ጓደኞቹ ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙለት። ግጥም የለው፣ ዘፋኝ የለው፤ የርብ ወንዝ ውኃ፣ የወፍ ክንፍ፣ ሩዝ የሚረግጥ የበሬ ኮቴ፣ በመሃሉ አልፎ አልፎ ጠብ የምትል ፒያኖ። «መንፈስ ያሳርፋል» አሉት። እሱም ደረቱን ነፋ። ሞኝ!

ኮቴውን የቀዳው ወረታ አጠገብ፣ ከአባቱ ከአያ መንግሥቴ አውድማ ላይ ነው። አያ መንግሥቴ ሩዙን ሲያበራዩ አፋቸው አያርፍም፤ በሬዎቹን በየስማቸው እየጠሩ ያሞግሳሉ፣ ያንጎራጉራሉ። የኔነህ መቅጃውን ደቅኖ፣ «አባዬ፣ እባክዎ ትንሽ ዝም ይበሉልኝ» አላቸው።

«ዝም ካልሁማ ይቆማሉ» አሉ እየሳቁ። «በሬ ያለ ሰው ቃል ይዞራል እንዴ?»

ዝም ባይሉለት ጊዜ፣ አዲስ አበባ ተመልሶ ኮምፒውተሩ ላይ አጎነበሰና የአባቱን ድምፅ ከኮቴው እንደ ገለባ ለይቶ አወጣው። የሰው ድምፅ ጸጥታውን የሚያበላሽበት መስሎት ነበር። ኮምፒውተሩ ሲሞላበትም ዋናውን ቅጂ ደመሰሰው። አባት የት ይሄዳል ብሎ!

ክረምት ገብቶ ሜዳው ላይ ውኃ ሲተኛ አያ መንግሥቴ ታመሙ፤ ብዙም ሳይቆዩ ዐረፉ። የአርባቸው ዕለት እንግዳው ከተበተነ በኋላ እናቱ እማማ ጸሐይነሽ መጥተው አጠገቡ ተቀመጡ።

«ያን ጊዜ ተአውድማው የቀዳኸውን እስቲ አሰማኝ፣ ልጄ። ድምፁ ናፈቀኝ።»

የኔነህ እውነቱን ለመናገር አፉ እንቢ አለው። ስልኩን ከፍቶ ሰጣቸው። ጆሯቸው ላይ ለጥፈው ጠበቁ። ኮቴው ይዞራል፣ ፒያኖዋ ጠብ ትላለች።

«መቼ ነው እሱ የሚጀምረው?» አሉ።

«አወጣሁት፣ እማዬ። የአባዬን ድምፅ አወጣሁት። ዋናውንም አጥፍቼዋለሁ።» እንባው ቀደመው። ያንን ድምፅ ለመመለስ አልበሙን ሁሉ በሰጠ ነበር፤ ማን ይቀበለዋል?

እናቱ አልተቆጡም። ስልኩንም አልመለሱለትም። ኮቴው ዘገም ሲል፣ «እዚህ ላይ ዳልቻን ጠራው» አሉ። ፈጠን ሲል ደግሞ፣ «ይኸው፣ አሁን ቡሬን አሞገሰው» ብለው ፈገግ አሉ። የኔነህ ጆሮውን አስጠጋ፤ ከኮቴ በቀር ምንም የለም።

ሲያልቅ ስልኩን መዳፉ ላይ አኖሩለት።

«በሬዎቹስ ሰምተውታል» አሉ። «አንተ ነህ ያልሰማኸው።»