የሁለት ቀን ክኒን

ቄስ ወልደ ሰንበት መቅደስ መግባት ከተዉ ወዲህ የደብሩ ሰው ምላስ ሥራ አልፈታም። ካህን ቅዳሴ ከገባ እስኪያልቅ አይወጣም፤ እሳቸው ደግሞ ገና ወንጌል ሳይነበብ ሁለቴ ሽንት የሚያጣድፋቸው ሽማግሌ ሆነዋል። ይህ ለማን ይነገራል? ዝም አሉ። ዝም ቢሉ ባልደረባቸው ቄስ ፈንታው ደጀ ሰላም ተቀምጠው ጠላቸውን እየተጎነጩ፣ "ቄስ በደህናው ከመቅደስ አይሸሽም። አንዲት ሴት ብትኖር ነው" አሉ። ወሬ መቼ እግር ያጣል! ሳምንት ሳይሞላ ለሴትዮዋ ስምም መንደርም ወጣላት።

ወሬው ከወልደ ሰንበት ጆሮ ደረሰ። ከክህነታቸው ሌላ ምን አላቸው? ላሊበላ ክሊኒክ ሄደው፣ ዓይናቸውን መሬት ላይ ተክለው ችግራቸውን ተናገሩ። የሽንት ጥድፊያ የሚያስታግሥ ክኒን ታዘዘላቸው።

"በቀን አንዲት ብቻ" አለች ነርሷ ሂንድ። "አፍ ታደርቃለች። በእርስዎ ዕድሜ ደግሞ ሽንት ልትዘጋ ትችላለች። እንቢ ካለዎት ሳያድሩ ይምጡ።"

"እንቢ ይበለኝ እንጂ!" አሉ ቄሱ በሆዳቸው።

ለበዓሉ ቅዳሴ ተረኛ ሆኑ። የሚቀድስ ካህን ከዋዜማው ጀምሮ እህል ውሃ አይቀምስም፤ በማግሥቱ ጠዋት ክኒን መዋጥ የማይታሰብ ነው። ስለዚህ የዕለቱንም የነገውንም አስቀድመው አንድ ላይ ዋጧቸው።

እንደ ዓምድ ቆመው ቀደሱ። ምላሳቸው ከላንቃቸው እየተጣበቀ እንኳ አንድ ዜማ አልዘለሉም። ቄስ ፈንታው አንገታቸውን ደፉ።

ከቅዳሴ በኋላ ከቅጥሩ ጀርባ ሄዱ። ጠብ የሚል ነገር የለም። ባለቤታቸው አመተ ጊዮርጊስ "ይገፋዋል" ብለው ጠላ በጠላ አደረጓቸው። ገፋ፤ ወደ ውጭ ግን አይደለም። ሆዳቸው እንደ ከበሮ ተወጠረ። ወደ ክሊኒክ ሲወስዷቸው ባጃጁ በየጉድጓዱ በዘለለ ቁጥር ያልጠሩት ታቦት የለም።

ሂንድ በቀጭን ቱቦ ገላገለቻቸው። ቄሱ ከእፎይታ ብዛት አለቀሱ።

"አባ፣ ፊኛዎ እንዲታገሥ ብለን በሰጠንዎት ጭራሽ አስተኙት!" አለች። ክኒኑ ቀረ፤ ቱቦውና የሽንት ከረጢቱ ለጊዜው አብረዋቸው እንዲቆዩ ሆነ።

ከነከረጢታቸው ቤት ሲገቡ መንደሩ ሁሉ ነገሩን አወቀ። ያቺ ሴትዮም ከነመንደሯ ጠፋች።

አመሻሽ ላይ ቄስ ፈንታው ሊጠይቋቸው መጡ። አመተ ጊዮርጊስ እስኪወጡ ጠብቀው ጠጋ አሉ።

"ይቅር ይበሉኝ አባቴ። ስምዎን አጠፋሁ።"

"እግዚአብሔር ይፍታዎ።"

ፈንታው ግን አልተነሱም። ከረጢቱን ሰረቅ አድርገው አዩት።

"እኔስ ብሆን... ከቅዳሴ በፊት ሁለት ቀን ሙሉ ውሃ የማልቀምሰው ለጽድቅ ይመስልዎታል?"

ወልደ ሰንበትን ሳቅ ተናነቃቸው። ቢስቁ ቱቦው ይቆነጥጣቸዋል። ሳቁ።