በሩ ላይ የቀረችው ሦስተኛ ሚስት

በየሳምንቱ ስልክ ላይ የምለጥፈው ተከታታይ ልብ ወለድ ስድስት ሚስቶች ስላሉት አስማተኛ ንጉሥ ነው። ከመለጠፌ በፊት ልብስ ሰፊዋ ታላቅ እህቴ ስፌቷን አቁማ ታነበዋለች።

ዛሬ ያመጣሁላት ሠላሳኛው ምዕራፍ አማልክቱ ንጉሡን "ጻድቅ" ብለው ዘውድ የሚጭኑበት ነው። አንባቢዎቼ ለወራት የጠበቁት ይህንን ነው። እህቴ አንብባ ስትጨርስ መነጽሯን አወለቀች።

"ሦስተኛዋስ?"

"የቷ ሦስተኛ?"

"አንተ! ስምንተኛው ምዕራፍ ላይ 'በሩን አትቆልፊው፣ እመለሳለሁ' ብሎ የተዋት ናታ። ልጅቷ ይኸው እስከ ዛሬ እዚያው በር ላይ ተገትራለች።"

ሳቅሁ። "ረሳኋታ፣ እትዬ! አምስት ሌሎች አሉት እኮ።"

"እሱም ረስቷታላ። ታዲያ ጽድቁ ከየት መጣ?"

"በሩን አትቆልፊው" የሚለውን ከራሴ አላፈለቅሁትም። የእህቴ ባል ጥሏት በሄደ ቀን ያላት ነው። ያኔ ሻንጣውን ይዤለት አጠገባቸው ቆሜ ነበር። ቃሉ ስላማረኝ ወስጄ ለጀግናዬ ሰጠሁት፤ ማን እንደ ጠበቀ ግን አንድ ቀን እንኳ አላሰብኩም።

ምዕራፉን ሳልለጥፍ ሰረዝኩት። ንጉሡ ዘውዱን ትቶ ወደ በሩ ሲመለስ ጻፍኩ፤ ሦስተኛዋ ሚስት ፊት ሲቆም ግን የሚናገረው ጠፋኝ።

"እትዬ፣ ይቅርታ" አልኩ፣ ቀና ብዬ ሳላያት።

ክሩን በጥርሷ በጠሰችው።

"ለእሷም እንደዚያው ብለህ ጻፍላት" አለችኝ።