ሽማግሎቹ ያቋረጡት ቲያትር

ትወና የተማርኩት በርበሬ ጆንያ ላይ ተቀምጬ ነው። ይህን የምለው እንዲታዘንልኝ አይደለም፤ ከዚያ የተሻለ ትምህርት ቤት የገባ ተዋናይ ካለ ይምጣና ያሳየኝ።

ቡታጅራ ገበያ ውስጥ ከቆሼ ከተማ የሚመጣ በርበሬ የምትሸጥ የሺመቤት የምትባል ሴትዮ አለች። አሥረኛ ክፍል ጨርሼ ከእሷ ጋር ስሠራ፣ ከመደባችን ፊት ለፊት ቴሌቪዥን የሚሸጥ ሱቅ ነበር። ባለሱቁ ትልቁን ቴሌቪዥን ወደ መንገዱ አዙሮ ቀኑን ሙሉ ድራማ ይከፍታል፤ ድምፁ ግን መስታወቱን አልፎ አይወጣም። ተዋናዮቹ ይጣላሉ፣ ይታረቃሉ፤ እኛ የምናየው አፍ ሲከፈትና ሲዘጋ ብቻ ነው። ታዲያ ቃሉን እኔ እሰጣቸው ጀመር። ባልየው በሩን በርግዶ ሲገባ ስለ ገበያው መቀዝቀዝ አስወራዋለሁ፤ ሚስቲቱ ስታነባ በርበሬ ስትቀነጥስ የዋለች አደርጋታለሁ። በርበሬ ሻጮቹ በሳቅ ይፈርሳሉ፤ ገዢው ሳይቀር ኪሎውን ረስቶ ቆሞ ይሰማል።

የሺመቤት ብቻ አትስቅም። ምላስሽ ሚዛኔን ያስረሳኛል እያለች ትቆጣኝ ነበር። ወልቂጤ ሄጄ ቲያትር ቡድን ልገባ ነው ያልኳት ቀን ደግሞ፣ ሰው እንዲያያት ብላ እንጀራዋን የምትጥል ሴት አይታ እንደማታውቅ ነገረችኝና ስሰናበታት ፊቷን አዞረች። እኔም አዞርኩ። ኩራት የእሷ ብቻ አይደለም።

የወልቂጤውን ቡድን የሚመራው መምህር ዓብይ ነው። ከጎጃም መጥቶ አማርኛ ያስተምራል፤ አማርኛው እንደ ተተኮሰ ሸሚዝ አንድ ጭምድድ የለበትም። ቲያትሮቹን የሚጽፈውም የሚያዘጋጀውም እሱ ነው። አራት ዓመት ሙሉ የሰጠኝን ሁሉ ተጫወትኩለት፦ ልጇን ያላስከተበች እናት ሆንኩ፣ ተጸጽታ ያስከተበች እናት ሆንኩ፣ ለቅሶ ቤት ከኋላ የምታለቅስ ሴት ሆንኩ። በእነዚያ ዓመታት ተዋናይት መሆኔን የምታውቅ አንዲት ሰው ነበረች፤ እሷም እኔ ነኝ።

አምስተኛው ዓመት ላይ ይድነቃቸው የሚባል የፊልም ዳይሬክተር ከአዲስ አበባ ሊያየን እንደሚመጣ ተሰማ። ቸሃ ውስጥ ስለምትኖር አንዲት ሴት ፊልም ሊሠራ ነው። የሚመጣው በቡድናችን ወንድ መሪ ተዋናይ በቴዲ ምክንያት ነበር፤ የቴዲ መልክ ከእሱ ቀድሞ አዲስ አበባ ገብቷል። ግን የፊልሙ መሪ ሴት ገና አልታወቀችም ሲባል እኔም ጆሮ አለኝ፤ ሰማሁ። ሰውየው ቅዳሜ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ቡታጅራ ላይ የምናሳየውን ቲያትር ተመልክቶ ወዲያው ይመለሳል። ካየኝ በዚያ ቅዳሜ ነው፤ ካላየኝ የክትባት እናት ሆኜ አረጃለሁ።

ችግሩ ቲያትሩ ነበር። በመምህር ዓብይ ድርሰት ውስጥ ቴዲ ባል ነው፣ እኔ ሚስት። ባልየው አዲስ አበባ ይነግዳል፤ ቤቱን የሚያየው በዓመት አንዴ፣ ለመስቀል ነው። በመጨረሻ ከተማ ሌላ ሴት ያገባና የአገር ቤቷን ሚስት ከቤት ለማስወጣት ሽማግሌ ፊት ያቆማታል። በጠቅላላው ቲያትር ዘጠኝ መስመር ነበረኝ፤ በክርክሩ ትዕይንት አንድም የለኝም። ወንዶቹ ሃያ ደቂቃ ስለ እኔ ይነጋገራሉ፤ እኔ ነጠላዬን ተከናንቤ መሬት አያለሁ። ይፈረድብኛል፣ አንዲት ቡልኮ ይዤ እወጣለሁ፣ መጋረጃ ይዘጋል።

በአረቅጥ በኩል ወደ ቡታጅራ በሚኒባስ ስንጓዝ አንድ ንግግር፣ ቢያንስ አምስት መስመር እንዲጨምርልኝ መምህር ዓብይን ለመንኩት።

«አደይ፣ ዝምታም ትወና ነው» አለኝ።

«እንግዲያው ዝምታውን ለቴዲ ይስጡት፣ መምህር። የሱን ንግግር እኔ እይዘዋለሁ።»

ሚኒባሱ ሳቀ። እሱ አልሳቀም። መስመርም አልጨመረም።

የቡታጅራ አዳራሽ ጢም ብሎ ሞላ። የፊተኛው ወንበር ለአገር ሽማግሎች ተትቶ አምስት ሆነው ተቀምጠዋል፤ መካከላቸው ጋሽ ዑመይር ነበሩ። ጋሽ ዑመይር በድንበር የተጣላውን፣ ደም የተቃባውን፣ የተፋታውን ሲዳኙ የኖሩ ሰው ናቸው፤ ፖሊስ ያቃተው ነገር እሳቸው ዘንድ ይላካል ይባላል። ይድነቃቸው ሦስተኛው ረድፍ ላይ ነው። ቴዲ ሲናገር ስልኩን አውጥቶ ይቀርጻል። እኔ ዘጠኙን መስመሬን ስጨርስ አየሁት፤ መልእክት ይጽፋል።

ክርክሩ ደረሰ። ቴዲ ተነሥቶ አማረረ፤ ሚስቱ አሮጊት መስላ እንደጠበቀችው፣ ቤቱ የአባቱ እንደሆነ፣ ከተማ ያገባት ሴት አገር ቤት መምጣት እንደምትፈልግ ተናገረ። ሽማግሌ ዳኛ ሆኖ የሚጫወተው ሀብተወልድ፣ በሥራ ቀን ማዘጋጃ ቤት መዝገብ የሚያገላብጥ ሰው፣ የጥጥ ጢሙን ዳሰሰና ፍርዱን ሊያነብ ጉሮሮውን ጠረገ።

ያኔ ጋሽ ዑመይር ከዘራቸውን ተደግፈው ተነሡ።

«ቆይ፣ ልጄ» አሉት። «ይቺ ሴትዮ አፍ የላትም?»

ሕዝቡ የቲያትሩ ክፍል መስሎት ጸጥ አለ። ሀብተወልድ ወደ መጋረጃው አየ፤ ከዚያም ምስኪን፣ እውነቱን ተናገረ።

«አልተጻፈላትም፣ አባቴ።»

«ታዲያ ምኑን ነው የምትፈርደው? እኛ የአንዱን ሰምተን ፈርደን አናውቅም።»

ሌሎቹ አራት ሽማግሎች በአንድ ላይ ራሳቸውን ነቀነቁ። መምህር ዓብይ ከመጋረጃው ኋላ ሀብተወልድን ቀጥል ይለዋል፤ ሹክሹክታው ሦስተኛው ረድፍ ድረስ ይሰማል። ጋሽ ዑመይር ግን ፊታቸውን ወደ እኔ መለሱ። ቃሌ እንዲሰማ ከፈለግሁ ለፍርዱ እንደማድር የሚያረጋግጥ ዋስ እንድጠራ ነገሩኝ።

ነገሩን በአንድ ትንፋሽ መዘንኩት። ከተናገርኩ መምህር ዓብይ ከቡድኑ ያባርረኛል። ዝም ካልኩ ሰውየው ስልኩን ኪሱ ከትቶ መኪናው ውስጥ ይገባል። ተነሣሁ። አዳራሹን አየሁ። ዋስ ከየት ይምጣ? ቡታጅራን ከለቀቅሁ አምስት ዓመቴ ነው፤ እናቴና አባቴ ወደ አዲስ አበባ ከሄዱ ቆይተዋል።

«እኔ ዋሷ ነኝ» አለ ከኋላ አንድ ድምፅ።

የሺመቤት ነበረች። ከገበያ እንደመጣች ነው፤ የቀሚሷ ጫፍ በበርበሬ ቀልቷል።

«ለፍርዱ ታድራለች ወይ?» አሏት ጋሽ ዑመይር።

«እሱን እኔ አሳድራታለሁ። ምላሷን ግን ዋስ አልሆንም፤ እሱን ራሳችሁ ቻሉት።»

አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ። ነጠላዬን ከራሴ ላይ አወረድኩ። መጀመሪያ ሽማግሎቹን አላየሁም፤ ቴዲን አየሁት።

«ጓሮ ያለው እንሰት ስንት ነው?»

ቴዲ የወልቂጤ አስፋልት ላይ ያደገ ልጅ ነው። አፉን ከፈተ፣ ዘጋ። «ብዙ ነው» አለ።

«ብዙ ስንት ነው?»

ዓይኑ ወደ መጋረጃው ሸሸ።

«መጋረጃውን አትይ። መጋረጃው አልተከለውም።»

ሴቶቹ ከኋላ እህ አሉ። እኔም ወደ ሽማግሎቹ ዞርኩ።

«አባቶቼ፣ እንሰት ተክለውት ሄደው በዓመቱ አይመለሱበትም። ሦስቴ ከቦታ ቦታ ይዛወራል። ሦስቱንም ጊዜ የነቀልኩት እኔ ነኝ፤ የተከልኩት እኔ ነኝ፤ ፍጉን በጀርባዬ ያመላለስኩለት እኔ ነኝ። ይህ ሰው በሰባት ዓመት ሰባት መስቀል መጣ። ሰባቱንም ጊዜ ሲበላ ነው ያየሁት። ቤቱ የአባቴ ነው ይላል፤ ይበል፣ የአባቱ ግድግዳ ይመስክርለት። ጓሮው ግን ከእኔ እግር ሌላ እግር አያውቅም። ውጪ ካላችሁኝ እወጣለሁ። ቡልኮ አልፈልግም። እንሰቴን ነቅዬ ይዤ ነው የምወጣው፤ አራተኛ ጊዜ ተዛወረ ይባልለት።»

አንዲት ሴት እልል ልትል ስትጀምር ጋሽ ዑመይር እጃቸውን አነሡ፤ ገና አልተፈረደም። ከዚያ እንደ ደንቡ አምስቱም ሽማግሎች ለምክር በጎን በር ወጡ። ለአንድ ለሌለ ትዳር፣ ለአንድ ለሌለ ጓሮ ሊመክሩ ወጡ።

መድረኩ ላይ ቀረን። ቴዲ እጅ ነሥተን እንውጣ ብሎ በጥርሱ መካከል ለመነኝ። አልተነሣሁም። ተከሳሽ የምትቀመጥበት ቦታ ላይ ተቀምጬ ፍርዴን ጠበቅሁ፤ ይህን ደግሞ ማንም አልጻፈልኝም። አዳራሹ ለሁለት ተከፍሎ ይከራከራል። አንድ ሰውዬ መርካቶ ላቡን የሚያፈስ ባልም መብት አለው ሲል፣ አንዲት ሴት ላቡን ለሚስቱ ልኮላት እንደሆነ ጠየቀችው። ከወንበሩ የተነቃነቀ የለም።

አንድ ሰው ብቻ ተነሣ፤ ይድነቃቸው። ሊሄድ ነው አልኩ፤ መኪናው ውጪ ቆማለች። እሱ ግን በሰው ጉልበት መካከል ተሹለክልኮ መጣና ከሽማግሎቹ ባዶ ወንበር አንዱ ላይ ተቀመጠ። ስልኩን አላወጣም። እጁን አገጩ ላይ አድርጎ አየኝ። እኔ አላየሁትም፤ በባሏ የተከሰሰች ሴት ምን ቆርጧት ዳይሬክተር ታያለች?

ሽማግሎቹ ሲመለሱ ሩብ ሰዓት አልፏል። ጋሽ ዑመይር ቆመው ፈረዱ። ጓሮው የሴትዮዋ ነው፤ ቤቱም ከጓሮው አይነጠልም። ከተማ ያገባት ሚስት ከተማ ትቆይ። ባልየው በግ አርዶ ይቅርታ ይጠይቃል፤ ይህንንም ለመፈጸሙ ዋስ ይጠራል።

«እኔ እኮ ተዋናይ ነኝ፣ አባቴ» አለ ቴዲ። «ቲያትር ነው።»

«ቲያትር መሆኑን አውቃለሁ፣ ልጄ። ቢሆንም ሰው ሳይሰማ ሲፈረድበት እዚህ ቁጭ ብዬ አላይም። ዋስህን ጥራ።»

ቴዲ ግራ ቀኙን አይቶ፣ ሌላ ሲያጣ፣ ጥጥ ጢሙን ያንጠለጠለውን ዳኛውን ሀብተወልድን ጠራ። ከዚያ በኋላ እልልታውን የሚያቆም ሽማግሌ አልተገኘም። መጋረጃ የሚዘጋውም ሰው ሲያጨበጭብ መዝጋቱን ረሳው።

መምህር ዓብይ ፊቱ አመድ መስሎ መጣ። «ድርሰቴን ገደልሽው።»

«ሽማግሎቹ ገና አልሄዱም፣ መምህር። ይክሰሱኝና ላስረዳ።»

በዚህ መካከል ይድነቃቸው መድረኩ ላይ ወጣ። መምህር ዓብይን የድርሰቱን ጽሑፍ ለመነው፤ ገጽ በገጽ ገለጠና የኔን ንግግር ፈለገ፤ የለም። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ በፊልሙ የዋናዋን ሴት ጎረቤት ሆኜ እንድጫወትለት ጠየቀኝ፤ አራት ትዕይንት አላት አለ። አራት ዓመት ጎረቤት ሆኜ መኖሬን፣ አሁን የምፈልገው የራሴን ቤት መሆኑን ነገርኩት። ሳቀ። ዋናውን ቦታ ሰው ለሚያውቃት ተዋናይት ለመስጠት ቃል ሊገባ ጥቂት እንደቀረው ነገረኝ።

«ጥቂት ከቀረ ሰምተኸኝ ቃል ግባ» አልኩት።

ከቦርሳው ሁለት ገጽ አወጣ። ሊወጣ የነበረው ሕዝብ ይህን ሲያይ ተመልሶ ተቀመጠ። ሴትዮዋ የባሏን መሞት የምትሰማበት ቦታ ነው፤ ጽሑፉ ላይ ታለቅሳለች፣ ትወድቃለች፣ ፀጉሯን ትነጫለች ይላል። አንዴ በዓይኔ አነበብኩት። ወረቀቱን መለስኩለትና ቃሉን ብቻ ተናገርኩ፤ እንባ ጠብ አላደረግሁም። የሚሠራ እጅ እንዲኖራት ነጠላዬን አጣጠፍኩ፣ ፈታሁ፣ እንደገና አጣጠፍኩ።

«ለምን አላለቀስሽም?» አለኝ ይድነቃቸው።

«ያልታለበች ላም በር ላይ ቆማለች። መጀመሪያ ትለባት፣ ከዚያ ታለቅሳለች።»

ይድነቃቸው ለአፍታ ጽሑፉን አየ። ከዚያ ስልኩን አውጥቶ፣ ፊቴ ቆሞ፣ አዲስ አበባ ላለ ሰው ደወለና መሪዋን ሴት ማግኘቱን፣ ያቺኛዋን ይቅርታ እንዲጠይቁለት ተናገረ።

ቸሃ ውስጥ ሦስት ወር ቀረጽን። ከዚያ ወዲህ አዲስ አበባ ሁለት መድረክ ላይ ሠርቻለሁ፤ ሁለተኛ ፊልሜንም ጀምሬአለሁ። መምህር ዓብይ ያን ንግግሬን በሚያምር አማርኛው አስተካክሎ ድርሰቱ ውስጥ አስገብቶታል፤ ሽማግሎችን ከተመልካች መጥራትም የራሱ ፈጠራ እንደሆነ ለጋዜጠኛ ተናግሯል። ይናገር። እሱም ሰው ነው፣ ይሰማ።

ፊልሙ ዘንድሮ ወልቂጤ ሲታይ ሳልናገር ሄጄ ከሕዝቡ መካከል ተቀመጥኩ። ከፊቴ ከቸሃ በሚኒባስ የመጡ ሁለት ሴቶች ነበሩ። መብራቱ ጠፋ፣ ፊቴ የግድግዳ ያህል ሆኖ ወጣ። አንደኛዋ ወደ ጓደኛዋ ተጠግታ የማን ልጅ ናት ብላ ጠየቀቻት።

«የማንም ትሁን። ዝም በይና ስሚያት።»

እኔም አብሬያቸው ሰማኋት። ጎበዝ ናት።