የአባ ሁሉ ድንኳን

ደሬሳ በሄርማታ ሠፈር እድር ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ አባል ሲሆን፣ ድንኳኑ ለእሱ አንድም ቀን ተተክሎለት አያውቅም። አላገባ፣ አልወለደ፤ የሚሞትበት ዘመድም አልነበረውም። የሰው ድንኳን ሲተክልና ሲነቅል ጸጉሩ ሸበተ። የዚያን እሑድ ግን ስብሰባው መሃል ብድግ አለና፣ «መርዶ መጥቶብኛል። ድንኳን ይተከልልኝ» አለ።

«ያ ደሬሳ! ማን ሞተብህ?» አለች ጎረቤቱ ዘይቡ ደንግጣ።

«አባ ሁሉ።»

ግማሹ ሰው «ውይ!» አለ። ግማሹ ሳቀ።

ደሬሳ ድሮ እዚያው ጅማ መርካቶ ጀርባ ቪዲዮ ቤት ነበረው። አንድ አስተማሪ ከጅማ ሲለቅ አንድ ካርቶን ሙሉ የጃፓን ፊልም ትቶለት ሄደ። ጃፓንኛ የሚያውቅ አልነበረም፤ ደሬሳም አያውቅም። እሱ ግን ማይክ ይዞ ፊት ለፊት ይቆምና ከተዋናዮቹ ፊት ያነበበውን «ይተረጉም» ነበር። ታዲያ በየፊልሙ ባለ ትልቅ ጆሮ አንድ አጭር ሰው አይጠፋም። ዋናው ሰው ሆኖ አያውቅም። ለሁለት ደቂቃ ብቅ ይልና ብዙ ጊዜ ይሞታል። ስሙን የሚያነብ ስላልተገኘ ጅማ በራሷ ወግ «አባ ሁሉ» አለችው። እሱ ሞቶ አግዳሚው ላይ ያለው ሁሉ ሲያዝን ደሬሳ በማይኩ፣ «አይዟችሁ! ነገ በሌላ ሥራ ይመጣል!» ይላል። እውነትም ይመጣል።

አሁን ዩኒቨርሲቲው ኪቶ ፉርዲሳ ግቢ የሚማረው የሠፈሩ ልጅ ልዑልቃል የተዋናዩን ሞት ዜና ከስልኩ አግኝቶ ለደሬሳ አሳየው። ስሙ ኢሳኩ ቶዳኖ ነው፤ ከሁለት መቶ በላይ ፊልም ሠርቶ በዘጠና አንድ ዓመቱ አረፈ። በፎቶው ላይ ጆሮዎቹ እንዳሉ ናቸው።

የእድሩ ጸሐፊ ወልደሰማያት መነጽሩን አወለቀ። ያለቦታው አንድ ማኅተም መትቶ የማያውቅ ሰው ነው።

«ጋሽ ደሬሳ፣ ሟች የአባል ዘመድ ናቸው?»

«ያው እንደ ዘመድ ነው።»

«‹እንደ ዘመድ› የሚል ቦታ መዝገቡ ላይ የለም።»

ቤቱ ሳቀ። ደሬሳ አልሳቀም። «ወልዴ፣ የስንቱን ድንኳን ተከልኩ? እኔ የማለቅስለት ሰው ይኸው አንድ ነው። እሱንም ቤቴን ዘግቼ ብቻዬን ላልቅስ?»

ሊቀመንበሩ ሐጂ ሙሀጅር ወደ ጸሐፊው ዞሩ። «እስቲ ሙላው። መዝገቡ እምቢ ካለ ያኔ እምቢ ይላል።»

«የሟች ሥራ?» አለ ወልደሰማያት ብዕሩን አንስቶ።

ጉድ የፈላው ያኔ ነው።

«ወጥ ቤት!»

«ምን ወጥ ቤት፣ ሌባ ነው እንጂ!»

«ፖሊስ አልነበር እንዴ? ሌባውን ያሰረው እሱ ነው!»

«ሌባውም እሱ ነው!»

«ወላሂ አሮጊቷን ረስታችኋታል!» አለች ዘይቡ። «ምራቷን በወንፊት ያባረረችው ማን ሆነና!»

ደሬሳ ራሱን መግታት አቃተው። ወንበር ላይ ወጥቶ አሮጊቷን ሆነ፤ ወርዶ የሰከረ መነኩሴ ሆነ፤ ከዚያ ራሱ በቆፈረው መቃብር የሚወድቀውን ቀባሪ ሆነ። ሐጂ ሙሀጅር ሲስቁ ቆባቸው ወለቀ።

ብዕሩ ግን አልተንቀሳቀሰም። «አንድ መስመር ነው ያለኝ» አለ ወልደሰማያት። ቀጥሎ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ፖስተኛውን ማንም አላነሳውም» አለ።

ሁሉም ዞሮ አየው።

«ደብዳቤ ይዞ ባቡር ያመለጠው። ጫማው ወልቆ በአንድ እግሩ እያነከሰ ቀጣዩ ጣቢያ ድረስ ሮጦ አደረሰ። ላቡን እንኳ ሳይጠርግ አስፈርሞ ማኅተሙን መታ።»

«ሁለት ደቂቃ ነው እሱ» አለ ደሬሳ።

«አንድ ደቂቃ ተኩል። ሳየው አሥራ ስምንት ዓመቴ ነበር። መዝገብ ቤት ልቀጠር ብዬ አባቴን ያስቸገርኩት በማግስቱ ነው።» አጎንብሶ ጻፈ፦ ሥራ፣ ሁሉንም። ዝምድና፣ የሠፈሩ። ማኅተሙን አነሳ፤ እፍ አለበትና መታው።

ማክሰኞ ድንኳኑ ተተከለ። ከአጋሮና ከሰርቦ ሳይቀር የድሮ ተመልካች በባጃጅ፣ በሚኒባስ መጣ። ደሬሳ ገመድ እንዳይነካ ተከለከለ። በሐዘንተኛ ቦታ ተቀመጠ፤ ሰዉም እየመጣ «እግዚአብሔር ያጽናህ»፣ «አላህ ሶብሩን ይስጥህ» ይለዋል፤ ቀና ብሎ ድንኳኑ ላይ የተሰቀለውን የጆሮዎቹን ፎቶ ሲያይ ግን ሳቁ ያመልጠዋል። እያለቀሱ ሳቁ፤ እየሳቁም አለቀሱ።

አመሻሹ ላይ ድንኳኑ ሊነቀል ሲል የሚሄድ ሰው ጠፋ።

«ያ ደሬሳ፣ አትለንም እንዴ?» አለች ዘይቡ ማይኩን እየሰጠችው።

የድሮውን «አይዟችሁ» እንደምትል ገባው። ማይኩን ተቀበለና ፎቶውን አየ። ዛሬስ ነገ በየትኛው ሥራ ይመጣል?

ይሄኔ አንዱን የዳር ምሰሶ ነቅሎ የተሸከመውን ወልደሰማያትን ጭቃው አዳለጠው። ጫማው ወልቆ ቀረ። ምሰሶውን ላለመጣል በአንድ እግሩ እየነጠረ፣ መነጽሩ ከአፍንጫው ተንጠልጥሎ፣ ድንኳኑን ከዳር እስከ ዳር አቋረጠና የእድሩ መጋዘን በር ላይ ደርሶ ምሰሶውን በሥርዓቱ አስቀመጠ።

ደሬሳ ማይኩን አፉ ላይ ደቀነ።

«ይኸው! አላልኳችሁም? በሌላ ሥራ መጣ!»